ምሥራቅን ያልጠየቀ አናጢ

ከዳባት እስከ ደባርቅ፣ ወዲያም እስከ ሊማሊሞ አፋፍ ድረስ ስምንት ማዕዘን ቤተ ክርስቲያን ያየ ሰው ከሦስቱ አንዱን ያርጋል እንደ ሠራው ቢገምት ብዙ አይሳሳትም። ደርግ በወደቀ ማግስት የደብሩ ሁሉ ምኞት ቆርቆሮ ነበር። የሣር ክዳን በየስድስት ሰባት ዓመቱ ይበሰብሳል፣ ያፈሳል፤ መክደን የሚያውቀውም ሽማግሌ እያለቀ ነበር። ቆርቆሮ ግን ጠባዩ ሌላ ነው፤ ክብ አይወድም። ሣሩን እንደ ፈለጉ ያዞሩታል፤ ቆርቆሮው ቀጥ ያለ ግድግዳ ካላገኘ እሺ አይልም። ስለዚህ ክቡ ቤት ስምንት ቦታ ላይ መሰበር ነበረበት። “ስምንት ማዕዘን ማለት ክብ እሆናለሁ ብሎ መንገድ ላይ የደከመው ቤት ነው” ይል ነበር ያርጋል። ሲለውም ከሰሚው ቀድሞ ራሱ ይስቃል።

አጭር፣ ደረቅ ያለ፣ ጆሮው ላይ እርሳስ የማይጠፋ ሰው ነበር። ኪሱ ውስጥ ሜትር ቢኖርም የሚያምነው ገመዱን ነው። መሐል ላይ ችካል ይተክልና ገመዱን አሥሮ ክብ ይዞራል። ምሥራቅና ምዕራብን ያገኛል፤ ከሁለቱ እኩል እየለካ ሰሜንና ደቡብን ያወጣል፤ በአራቱ መሐል መሐል ደግሞ አራት ሲጨምር ስምንት ይሞላል። ወረቀት የለ፣ ቁጥር የለ። ሥራው ግን ውልፍት አይልም።

አንድ ነገር ብቻ ውስጡን ይበላው ነበር። በልጅነቱ ከሀብተ ሚካኤል ጋር አንድ የቄስ ትምህርት ቤት ነበሩ። ያርጋል ዳዊት እንደ ደገመ አባቱ ሞተና እርሻው ጠራው። ሀብተ ሚካኤል ቀጠለ፤ ዜማ ተምሮ፣ ቅኔ ተቀኝቶ፣ ባሕረ ሐሳብ ቆጥሮ መሪጌታ ተባለና ወይራ ምንጭ ኪዳነ ምሕረት ላይ ወንበር ዘረጋ። ከዚያ ወዲህ ያርጋል ሲያገኛቸው እጅ ይነሣል፣ “እንዴት አደሩ መሪጌታ” ይላል፤ ልቡ ግን አንድ ቀን እንኳ ጎንበስ ብሎ አያውቅም። ሚስቱ በለጠች “ቅናት ነው” ትለዋለች። እሱ “እሱ ነው እኔን የሚንቀኝ” ይላል። መሪጌታ ያርጋልን የናቁበትን ቀን ግን አገር ቢጠየቅ የሚያስታውስ አይገኝም።

በ1993 ክረምት የወይራ ምንጭ አሮጌ ቤተ ክርስቲያን ከነመቅደሱ ተደረመሰ። ታቦቷ ለጊዜው ከተሠራ ዳስ፣ መቃኞ ገባች፤ ሕዝቡም አዲሱ ቤት ከፍ ብሎ ከኮረብታው ላይ እንዲሠራ ቆረጠ። አናጢው ማን እንደሚሆን የጠየቀ የለም። ያርጋል እስከዚያ ቀን የሠራቸው ሁሉ ግን አሮጌ መቅደስ መሐላቸው ቆሞ እሱ ዙሪያውን ያጠረላቸው ነበሩ። ምሥራቁ አስቀድሞ የተገኘ ነበር። አሁን ፊቱ ያለው ባዶ ሜዳ ነው።

በአገሩ ልማድ የውጭውን ግድግዳ አናጢ ይተልማል፤ መቅደሱን ግን ካህናት ብቻ ይለኩታል፣ ያውም ግድግዳው ከቆመ በኋላ። መሪጌታ ይህን አስበው “መጥቼ ምሥራቁን ላሳይህ ወይ?” ብለው ላኩበት። ያርጋል ችካልና ገመዱን ይዞ በሰው መሐል ቆሞ ነበር።

“ፀሐይ የምትወጣበትንስ አውቃለሁ በላቸው!” አለ መልእክተኛውን።

ሜዳው በሳቅ ሞላ። ነገሩ የሰፈር ቀልድ ሆነ፤ ያ ሳምንት ሳያልፍ ሴቶቹ ውሃ ሲቀዱ “ፀሐይ የምትወጣበትንስ አውቃለሁ” እየተባባሉ ይሣሣቁ ነበር። ከመጠምጠም መማር ይቅደም የሚለውን ተረት የሚያውቁ ሽማግሌዎችም አብረው ስቀዋል።

በታኅሣሥ አጋማሽ አንድ ማለዳ ያርጋል መሐል ችካሉ ላይ ቆመና ፀሐይቱ ከተራራው ጫፍ ብቅ ስትል አነጣጥሮ ተለመ። ከዚያ ሦስት ወር ሰው ሁሉ ለፋ። ወንዶቹ ጽድ ተሸከሙ፣ ድንጋይ ፈለጡ፤ ሴቶቹ ለጭቃው ውሃ አመላለሱ። እማሆይ አመተ ማርያም ሳይቀሩ በሰባ ዓመታቸው እንስራ አዝለው ኮረብታውን ወጡ። መጋቢት ሲጋመስ ስምንቱ ግድግዳ ቆሞ ጣሪያው ብቻ ቀረ።

ያኔ ካህናቱ ገብተው የመቅደሱን ክር ዘረጉ። ዘርግተው ሲጨርሱ ሁሉም ደነገጡ። የመቅደሱ በር ፊት ለፊት በር የለም፤ ቋሚ ነው። አራቱም አቅጣጫ ጎን መሆኑ ቀርቶ ማዕዘን ሆኗል። ታቦት አክብሮ የሚወጣ ካህን ከማዕዘኑ ቋሚ ጋር ግንባር ለግንባር ሊጋጭ ነው።

የሰበካው ሊቀ መንበር አቶ አገኘሁ ቶሎ ፈረዱ። “መቅደሱ ገና ክር ነው። ክሩ ይዙር እንጂ ሦስት ወር የደከምንበት ግድግዳ እንዴት ይዞራል? ያርጋል ደግሞ ተሳስቶ አያውቅም።”

“ምሥራቅ በጭብጨባ አይዞርም፣ አቶ አገኘሁ” አሉ መሪጌታ። ከዚያ ወደ ያርጋል ዞሩ። “በየትኛው ወር ነበር የተለምኸው?”

“በፀሐይ ነው የተለምሁት” አለ ያርጋል፣ ቆጣ ብሎ።

“በቃ!” አለ ሕዝቡ። መሪጌታ አፋቸውን ከፈት አደረጉና ያርጋልን አይተው መልሰው ዘጉት። “እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እንቁረጠው” ብለው በመቋሚያቸው እየተደገፉ ወረዱ።

ያርጋል በማግሥቱ ጎሕ ሲቀድ ብቻውን ኮረብታው ላይ ነበር። መሪጌታ እንደ ተሳሳቱ ሊያይ ነው የወጣው፤ ይህን መደበቅ አያስፈልግም። በታኅሣሥ ፀሐይቱ የወጣችበትን የተራራ ጫፍ ትክ ብሎ እያየ ቆመ። ጫፉ ጨለማ እንደ ሆነ ቀረ። ፀሐይቱ በስተግራ ርቃ፣ ከሌላ ተራራ ትከሻ ላይ ወጣች፤ ብርሃኗም መጥቶ ልክ የማዕዘኑ ቋሚ ላይ ዐረፈ።

ፀሐይ ከወር ወር መውጫዋን እንደምትለውጥ ሳያውቅ ቀርቶ አይደለም። ገበሬ ነው። ግን ልዩነቷ የዶሮ እርምጃ ታህላለች ብሎ ነበር። ገመዱን አውጥቶ ለካ፤ ግማሽ ጎን፣ አንድ ጣት እንኳ ሳይጎድል ግማሽ ጎን። ያን ጊዜ በልጅነቱ ትልልቆቹ ተማሪዎች የሚሉት ነገር ትዝ አለው፦ ፀሐይ ስድስት ኆኅት፣ ስድስት መውጫ በር አላት፤ በታኅሣሥ በዳር ትወጣለች፣ በመጋቢት በመካከል። እሱ ያን ትምህርት ሳይደርስበት ነበር የሄደው። መሪጌታ ወሩን የጠየቁትም ለዚህ ነበር፤ መልሱንም አውቀው ነው በሰው ፊት ዝም ያሉት። ያርጋል ድንጋይ ላይ ተቀመጠና ፊቱን በነጠላው ሸፈነ። ዐፈረ፤ እንደዚያ ቀን ዐፍሮ አያውቅም።

ቤቱ ሲመለስ ለበለጠች ሁሉንም ነገራት።

“ዝም ብትልስ?” አለችው።

“ዝም ካልሁ ክሩን ያዞሩታል። ታቦቷ በእኔ ምሥራቅ ልትኖር ነው።”

“ሌላ የሚያውቅ አለ?”

“መሪጌታ ያውቃሉ። እንዳላፍር ብለው ነው ዝም ያሉት።”

በለጠች የምትለቅመውን ምስር አስቀመጠች። “እሳቸውስ ላንተ ብለው ዝም አሉ። አንተ ለማን ብለህ ነው ዝም የምትል?”

እሑድ ቅዳሴ እንዳበቃ አቶ አገኘሁ ክሩ ይዙር ብለው ሊያስወስኑ ሲነሡ ያርጋል ቀደማቸው። ነጠላውን አደግድጎ በሕዝቡ መካከል ቆመ።

“ጥፋቱ የእኔ ነው” አለ። “የተለምሁት በታኅሣሥ ፀሐይ ነው፤ ያች የዳሯ ናት፣ ምሥራቅ አይደለችም። መሪጌታ ላሳይህ ብለው ልከውብኝ በእናንተ ፊት አሳቅሁባቸው። ያን ጊዜ የሣቃችሁበት ነገር ይኸው፣ ስምንት ግድግዳ ሆኖ ቆሟል።”

እማሆይ አመተ ማርያም ከሴቶቹ በኩል “ያን ሁሉ እንስራ ማን ይመልስልኝ?” አሉ። ያርጋልም ይህን ጥያቄ ኋላ ከሰማው ስድብ ሁሉ አብልጦ እስኪሞት ድረስ ሲያነሣው ኖረ።

“እንዲፈርስ አልልም” አለ ያርጋል። “የአራቱን አቅጣጫ ማዕዘን ልቁረጠውና በየቦታው ጠባብ ግድግዳ ላግባ። በሩና መስኮቱ እዚያ ይወጣል፤ ድካማችሁም አይጠፋም። ቤቱ ስምንት መሆኑ ይቀራል። ዐሥራ ሁለት ይሆናል። የቆጠረው ሁሉ ያርጋል ምሥራቅን አልጠየቀም ይበል።”

ሚያዝያን ሙሉ ማዕዘኖቹን ብቻውን ቆረጠ። ሰው ልርዳህ ሲለው “ይኸ የእኔ ነው” ይላል። ሰኔ ሳይገባ ቆርቆሮው ተመታ፣ ታቦቷም ገባች። በምረቃው ዕለት ከከተማ የመጣ ሰባኪ ቤቱን ዞሮ ቆጠረና “ምን ያለ ምሥጢር ነው! በዐሥራ ሁለቱ ሐዋርያት አምሳል!” ብሎ ቢጮህ ዕልልታው ቀለጠ። ያርጋል መግቢያ አጣ። ቀና ሲል መሪጌታ እያዩት ነበር፤ ሣቃቸውን በነጠላቸው ጫፍ አፍነዋል። እሱንም ሣቅ ያዘው። ከልጅነታቸው ወዲህ አብረው ሲሥቁ የመጀመሪያቸው ነበር።

ሰባኪው የተናገረው ግን አገር ለአገር ዞረ። ከበየዳ ሳይቀር ሽማግሌዎች መጥተው “እንደ ወይራ ምንጭ ዐሥራ ሁለት አርግልን” ይሉት ጀመር። ያርጋል እያስቀመጠ ይነግራቸዋል፦ ስሕተት ነው፣ የእኔ ትዕቢት ነው። እነሱም እርስ በርስ ተያይተው “ትሕትናው!” ይላሉ። ይህ ያናድደው ነበር። ጥፋቱን አምኖ የሚያምነው ማጣት፣ የባሰ ቅጣት ሆነበት። ለሁሉም ስምንት ሠራላቸው። አዲስ ሜዳ ላይ ችካል ከመምታቱ በፊት ግን ወይራ ምንጭ ወርዶ፣ ሰው በተሰበሰበበት፣ “መሪጌታ፣ ምሥራቁን ያሳዩኝ” ይላል። እሳቸውን በበቅሎ አስቀምጦ እሱ በእግሩ እየመራ ሁለቱ ሽማግሌዎች በአቧራው መንገድ ሲጨቃጨቁ ያልሰማ መንገደኛ አልነበረም።

ያርጋል በ2009 ታኅሣሥ ላይ ሞተ። ቀብሩ ወይራ ምንጭ ነበር፣ ከቆረጠው የምዕራብ ማዕዘን ፊት ለፊት። መሪጌታ ዐይናቸው ደክሞ በሰው ተመርተው መጡና ጉድጓዱ አፋፍ ላይ ቆሙ።

“ምሥራቁን በምን ለካችሁት?” አሉ ቆፋሪዎቹን።

“በፀሐይቱ ነው። ዛሬ ጠዋት ስትወጣ አይተን።”

“አዙሩት።”

“መሪጌታ፣ አፈሩ እኮ ድንጋይ ነው። ልዩነቷ ደግሞ ትንሽ ናት።”

“ግማሽ ጎን ናት” አሉ። “ይኸ ሰው በሕዝብ ፊት ቆሞ ጥፋቱን ያመነባት ግማሽ ጎን ናት። ሁለተኛ አይሳሳትም።”

ቆፋሪዎቹ ጋቢያቸውን ጥለው እንደገና ገቡ። በለጠች የባሏን ገመድ ከቤት አስመጣች። መሪጌታ አንዱን ጫፍ ይዘው፣ ሌላውን ቆፋሪዎቹ ከምዕራቡ በር ትይዩ ጎትተው እስኪያቀኑት ጠበቁ። ከዚያ ወደ ቃሬዛው ጎንበስ አሉ።

“ያርጋል” አሉት፣ “ምሥራቁ በዚህ ነው።”