አጎቴ የወንድ ወጥ አልበላም አሉ

ዛሬ አጎቴ ሁለተኛውን እንቁላል ውጠው ሲያበቁ ዶሮውን የሠራሁት እኔ መሆኔን ሰሙና እጃቸውን ከሳህናቸው ሰበሰቡ።

እሳቸውና ባለቤታቸው እንጦጦ ኪዳነ ምሕረት ተሳልመው ሲመለሱ ሲግናል ሰፈር ያለው ቤታችን ለምሳ ጎራ ብለው ነበር። ሚስቴ ቅዳሜም እስከ ስድስት ሰዓት ሥራ ላይ ናት። ስለዚህ ዶሮውን ስገነጥል፣ በሎሚ ሳጥብና ሽንኩርት ሳቁላላ ያረፈድኩት እኔ ነኝ።

አጎቴ መጀመሪያ ወደ ሚስቴ ዞረው "እጅሽ ይባረክ ልጄ፣ እንዲህ ያለ ወጥ ከበላሁ ቆየሁ" አሏት።

"እኔ አይደለሁም፤ እሱ ነው የሠራው" አለቻቸው።

"ወንድ ጓዳ ገብቶ የሠራውን አልበላም" አሉ፣ ግድግዳውን እያዩ።

የበሉትን ሁለት እንቁላልና አንድ ታፋ ግን አልመለሱም። መርሃቸው የሚሠራው ከጠገቡ በኋላ ነው መሰለኝ።

ስቄ ላልፈው ነበር፤ አልቻልኩም። "ያስተማረችኝ እኮ እህትዎ ናት" አልኳቸው። እናቴ ታማ በተኛችበት ዓመት፣ ከአልጋዋ ሆና "አሁን ቅቤውን ጨምር፣ አሁን እሳቱን ቀንስ" እያለችኝ ነው የለመድኩት። እሷ ስትበላው አላፈረችብኝም።

አጎቴ ውኃ ጠጡ።

ያን ጊዜ ባለቤታቸው ሳህናቸውን አቀበሉኝ።

"ለእኔ ጨምርልኝ ልጄ" አሉ። "አርባ ዓመት ስሠራለት አንድ ቀን እጅሽ ይባረክ ብሎኝ አያውቅም። ዛሬ ቃሉን እንደሚያውቀው ሰማሁ።"

እናንተስ ቤት፣ ጣፍጦት በልቶ ሲያበቃ ማን እንደሠራው ሰምቶ የከፋው ሰው አለ? እስቲ ንገሩኝ።