ከአምስታችን ሁለት

ትናንት የልጄ የዩኒፎርም ኮት ቁልፍ ተበጠሰና ምትክ ፍለጋ የመርፌና ክር ቆርቆሮዬን ጠረጴዛው ላይ ገለበጥኩት። ከዝገት ሽታው ጋር አንዲት ሰማያዊ ቁልፍ እየተንከባለለች መጥታ እጄ ሥር ቆመች። ጠፍታብኝ ነበር እንዳልል የት እንዳለች አውቃለሁ። ላያት አልፈለግኩም ነበር እንጂ።

ያኔ ገርጂ ነበርን፣ ስምንተኛ ክፍል። ኢምፔሪያል አካባቢ ያለ አንድ የግል ትምህርት ቤት ከእኛ ሁለት ልጆች በነፃ እወስዳለሁ አለ። አንደኛ የወጣነው ግን እኩል ውጤት ይዘን አምስት ሆንን፤ ሁለቱ በዕጣ ይለዩ ተባለ። አንዷ እኔ ነኝ፤ አንዷ ደግሞ ከአንደኛ ክፍል ጀምሮ ከጎኔ ያልተነሳችው ጓደኛዬ ናት። እኔ ባይደርሰኝም እዚያው ገርጂ ነኝ። የሷ አባት ግን ሱቁን ዘግቶ ቤተሰቡን ወደ ቡታጅራ ሊመልስ ነበር። ዕጣው ከወጣላት ብቻ ሃያ ሁለት ሰፈር ያለችው አክስቷ ጋ እንድትቀር ፈቅዶላታል።

የሂሳብ መምህራችን ለማስተማር ምክንያት የማያጣ ሰው ነበር። በዋዜማው ጠመኔውን አንስቶ ዕድላችንን አስቆጠረን። አምስት ልጆች ሁለት ሁለት ሆነው ቢጣመሩ አስር ጥንድ ይወጣል። እኔና እሷ አብረን ያለንበት አንዱ ብቻ ነው። መልሱን ቀድሜ ያገኘሁት እኔ ነበርኩ፤ «ጎበዝ» ሲለኝ እንባዬ መጣ።

በእኛ ሰፈር ዕጣ ወረቀት ላይ አይጻፍም። ሁሉም ከኪሱ አንድ ነገር ያዋጣል፣ የማን እንደሆነ ያላየ ሰው ያወጣል። ጓደኛዬ ክፍሉ በር ላይ ስንደርስ የላላውን የኮቷን ቁልፍ በጥሳ መዳፌ ላይ አደረገችው።

«መቅረጫሽን ስጪኝ። ቁልፏ ያንቺ ትሁን፤ የሰው ዕቃ ነው የሚቀናው» አለችኝ።

ብንለዋወጥም ያው ነው፣ ዕድሉ አይጨምርም አይቀንስም ብዬ ሳቅኩባት። ሂሳቡ ልክ ነበር።

መምህሩ እንዳይታማ ፊቱን አዙሮ ባርኔጣውን ዘረጋልን። የጽዳት ሠራተኛዋ ከውጭ ተጠርታ ገባች። ዝናቡ ቆርቆሮውን እየደበደበው የምትለው አይሰማም ነበር። መጀመሪያ ቆርኪ አወጣች፤ የአንድ ልጅ ነው። አብረን የምንወጣባት ከአስር አንዷ ዕድል እዚያው አለቀች። ቀጥላ ቁልፏን አወጣች። ሁሉም የጓደኛዬ ኮት ላይ የተንጠለጠለውን ክር አይቶ አጨበጨበ፤ መምህሩም ስሟን ጠራ። ምን ልበላችሁ፣ በሕይወቴ እንደዚያ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

«ቲቸር፣ የኔ መቅረጫው ነው» አለች። «ቁልፏ የሷ ናት።»

የለም፣ የሷ ናት ብዬ ጮህኩ። መምህሩ ቁልፏን ባርኔጣው ውስጥ የጨመረው ማነው ብሎ ጠየቀ፤ ከኋላዬ ተሰልፎ የነበረው ልጅ ወደኔ ጠቆመ። ልልቀቅላት ብዬ ብለምነው ብትለቂ ለቀሩት ሦስቱ እንደገና ዕጣ ይወጣል፣ ለሷ ብቻ መስጠት አልችልም አለኝ። ከሦስት አንድ ከምንም ይሻል ነበር። እናቴ ግን ይህን ስትሰማ እግዜር የሰጠሽን ልትመልሺለት ነው ወይ አለችኝ፤ ከዚያ ወዲያ የሚሰማኝ አላገኘሁም። አለቀስኩ፣ እራትም አልበላሁም፣ ምንም አልሆነም።

ዕቃቸው አይሱዙ ላይ ሲጫን ቁልፏን ልመልስላት ሄድኩ። ኮቷ ላይ ያ ክር አሁንም ተንጠልጥሏል። ጣቶቼን አንድ ባንድ አጥፋ ቁልፏን መዳፌ ውስጥ ዘጋችብኝ።

«ያው ነው ብለሽኝ አልነበር?» አለችኝ፣ ሳትቆጣ።

ከዚያ በኋላ አላየኋትም።

ትናንት ልጄ ቁልፏን አንስታ ኮቷ ላይ ለካቻት። ቀለሟ አንድ ነው፣ ልክም ሆነች፤ ይቺን ስፊልኝ አለችኝ።

«እሷ የሰው ናት» አልኳትና ሌላ ልገዛ ወጣሁ።