ጋሽ ሸምሱ ያልወሰዷት የስፌት መኪና

ነገሩ የደረሰብኝ በደርግ ዘመን ማብቂያ ገደማ፣ መቱ ውስጥ ነው። ከዚያ ወዲህ ብዙ ነገር ረስቻለሁ፤ ያን ቀን ግን አልረሳውም። ለአንድ ቀን ብቻ ያየኋቸው ሰው እስከ ዛሬ ስለሚናፍቁኝ ነው።

አባቴ ልብስ ሰፊ ነበር። እናታችን ቀድማ ስላረፈች እኔንና ታናሽ ወንድሜን ግርማን ያሳደገን በዚያችው የስፌት መኪና ነው። ግርማም ከትምህርት ቤት ሲመለስ አጠገቡ ቁጭ ብሎ ሙያውን ለመደ። ኋላ ለብሔራዊ ውትድርና ተመልምሎ ወደ ሰሜን ሄደ። መጀመሪያ ይጽፍልን ነበር። ከዚያ ደብዳቤው ተቋረጠ። አባባም አልጋ ላይ ዋለ፤ የግርማን ስም እንደጠራ አረፈ።

አርባው ካለፈ በኋላ ቤቱን በእኔና በግርማ ስም ላዛውር ወደ ግብር ቢሮ ሄድኩ። ሠራተኛው፣ አባባ ታሞ በተኛባቸው ዓመታት ግብር አለመከፈሉን ነገረኝ። ውዝፉ ከነቅጣቱ ካልተከፈለ ስም አይዛወርም። ቀጥሎ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ወንድምሽ ድምፁ ከጠፋ ቆይቷል። መሞቱን የሚመሰክሩ ሰዎች ብታመጪ የተሰዋ ወታደር ቤተሰብ ተብለሽ ቅጣቱ ይነሳልሻል። ቤቱም በአንቺ ስም ብቻ ይዞራል፤ ጣጣ የለውም» አለኝ።

ክፉ ሰው አልነበረም፤ ሊረዳኝ ፈልጎ ነው።

«መሞቱን ማን አየ?» አልኩት።

«አልተመለሰማ!»

«በቁሙ አልቀብረውም፣ ጓድ» ብዬው ወጣሁ።

ውዝፉን እንድከፍል የተሰጠኝ ጊዜ አለፈ። አንድ ጠዋት የቢሮው ሰዎች ከቀበሌ ጥበቃዎች ጋር መጡ። ቤቱን ዞረው ዞረው የሚሸጥ ነገር ያገኙት የስፌት መኪናዋን ብቻ ነበር። ተሸክመው ቀበሌ ግቢ ወሰዷትና ለሐራጅ አቀረቧት። ግርማ ሲመለስ በምን ሠርቶ ይብላ? እያለቀስኩ ተከተልኳቸው።

ጎረቤቶቼ ተሰብስበው ነበር። አንድም ሰው ዋጋ አልጠራም። የሐዘንተኛ ቤት ዕቃ መግዛት አፍረው መሰለኝ። ለገበያ ከዚያው ከእኛ አካባቢ፣ ከቡሬ ከተማ የመጡ አንድ ጠና ያሉ ነጋዴ፣ አጠገቤ የቆሙትን ጎረቤቴን እትዬ ጫልቱን በኦሮምኛ ምን ሆና ነው የምታለቅሰው ብለው ጠየቋቸው። እትዬ ጫልቱ ሁሉንም ነገሯቸው። ሰውየው ሰምተው ሲጨርሱ እጃቸውን አነሱ።

የጠሩት ዋጋ ውዝፉን ከነቅጣቱ የሚሸፍን ነበር። ያረጀች መኪና ያን ያህል እንደማታወጣ የማያውቅ አልነበረም። «ሰውየው አብደዋል እንዴ?» የሚል ድምፅ ከኋላዬ ሰማሁ። ከፍለው ሲጨርሱ ወደ እኔ መጡ።

«የኔ ልጅ፣ የቡሬ አውቶቡስ ዛሬ ጭነት ሞልቶታል። ቤትሽ አስቀምጪልኝ፤ መጥቼ እወስዳታለሁ።»

«መቼ ይመጣሉ፣ ጋሼ?»

«ሂን ያዳኢን፣ አታስቢ። የኔም ልጅ እዚያው ጦር ሜዳ ነው። ወንድምሽ ከቀደመኝ እሱ ይስፋባት።»

ስማቸውን ስጠይቃቸው «ሸምሱ» ብለውኝ ሄዱ። ምስጋናዬን እንኳ በቅጡ አልሰሙም።

ቤቱ በሁለታችን ስም ዞረ። ብዙም ሳይቆይ መንግሥት ተለወጠና ወታደሮች መመለስ ጀመሩ። አውቶቡስ በመጣ ቁጥር መናኸሪያ ሄጄ የሚወርደውን ሁሉ ፊቱን አያለሁ። አንዳንዱ ከመክሳቱ የተነሳ እናቱም የምትለየው አይመስልም። ግርማ ግን ከመካከላቸው አልነበረም።

ጋሽ ሸምሱም አልመጡም። ቢጨንቀኝ ቡሬ ድረስ ሄድኩ። በስማቸው አጠያይቄ ሱቃቸውን አገኘሁት፤ ተዘግቷል። ጎረቤታቸው «ልጃቸው ቢዘገይባቸው ፍለጋ ወጡ። ወሬያቸውን የሰማ የለም» አለኝ።

ዛሬ እኔም አርጅቻለሁ። ግርማን መጠበቅ ለምጄዋለሁ፤ ሌት ተቀን ስለማስበው አብሮኝ የሚኖር ይመስለኛል። ያልለመድኩት የጋሽ ሸምሱን ነገር ነው። አግኝቻቸው ልጠይቃቸው የምመኘው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ልጅዎን አገኙት?