ሞተሩን የተሸከሙ ሴቶች

መርሳ ውስጥ በአንዲት አነስተኛ መሥሪያ ቤት የባህል ባለሙያ ሆኜ ስሠራ፣ ቢሯችን አንድ ክፍል ብቻ ነበር። ሁለት ጠረጴዛና አንድ የብረት ሸልፍ ነበረን። ከጦርነቱ ሸልፉ ተርፏል፤ ውስጡ የነበረው ወረቀት አልተረፈም። ስለ ከተማዋ ታሪክ የሚጠይቅ ሰው ሲመጣ ኃላፊዬ «ሰነዱ ጠፍቷል» ይል ነበር። የጠፋው ሰነድ ምን እንደነበረ ከመካከላችን የሚያስታውስ ስላልነበረ፣ መልሱ ለማንኛውም ጥያቄ ይበቃ ነበር።

አንድ የካቲት ከወልድያ ደብዳቤ ደረሰን። ለሴቶች ቀን እንግዶችን በእግር እያዞርን፣ በየቦታው እየቆምን የከተማዋን ሴቶች ታሪክ እንድናስረዳ ያዝዛል። ኃላፊዬ ደብዳቤውን ሁለት ጊዜ አነበበና ወደ እኔ ጠረጴዛ ገፋው።

«አንቺ ሴት ነሽ» አለኝ።

ምደባው በዚሁ ተጠናቀቀ።

እኔ የወልድያ ልጅ ነኝ። መርሳን የማውቃት ቤት ተከራይቼ በኖርኩባት ሁለት ዓመት ልክ ነበር። የቀረኝ ጊዜ ሦስት ሳምንት ስለሆነ፣ ከሰዓት በኋላ ከአንድ ዋርካ ሥር ወደሚቀመጡ ሦስት ሽማግሌዎች ሄድኩ። ለከተማዋ አንድ ነገር የሠሩ ሴቶችን እንዲነግሩኝ ጠየቅኳቸው። በቅንነት አሰቡ። አንደኛው ስለ አንዲት በጣም ደግ ሴት አነሱና የባሎቻቸውን ስም፣ የባሎቻቸውን ሥራና የባሎቻቸውን በቅሎ በዝርዝር ነገሩኝ። ሁለተኛው የመርሳ ሴት ቆንጆ ናት አሉ። «ጻፊው እንጂ» አሉኝ፤ ጻፍኩት። ሦስተኛው ባለወፍጮዋን አስታወሱ። በዚያ ሰፈር የሞተር ወፍጮ ባልነበረበት ዘመን የእኚህ ሴት ባል አንድ ሞተር አመጡ፤ ባል ርቀው ሄደው ሲቀሩ ሴትዮዋ ራሳቸው እያስነሱ ብዙ ዓመት አስፈጩ።

«አሁን የት ናቸው?» አልኩ።

«አላህ ይዘንላቸው» አሉ። ሁለቱም ተከትለው አላህ ይዘንላቸው አሉ። ሦስት ምስክር አገኘሁ ብዬ ማስታወሻዬ ላይ «በሕይወት የሉም» ብዬ ጻፍኩ።

ከጤና ጣቢያ ጡረታ ከወጡ አንዲት ነርስ ደግሞ የጥንቷን የልምድ አዋላጅ ቤትና የመጀመሪያዋን ሴት መምህር ታሪክ አገኘሁ። በአቅራቢያችን ካለችው ከግራና ከተማ ማንጎና ፓፓያ በጀርባቸው አዝለው እያመጡ መናኸሪያው በር ላይ መሸጥ የጀመሩትን ሴቶች ጨምሬ አራት ቦታ ሞላልኝ። ባነር ወልድያ አሳተምን። ባነሩ የመጣው በዋዜማው ነው፤ የተዘረጋው ግን በማግስቱ ጠዋት መናኸሪያው በር ላይ ነበር። «የመርሳ ሴቶች ታሪክ የእግር ጉዞ» መባል ሲገባው «የመርሳ ሴቶች ታሪፍ የእግር ጉዞ» ይላል።

እንግዶቹ ሃያ ያህል ነበሩ፤ ከወልድያ የመጡ የቢሮ ሴቶች፣ የከተማው መምህራን፣ ጥቂት ተማሪዎች። ስሕተቱን አይተው እንዳላዩ አለፉት። የመናኸሪያው ተራ አስከባሪ ግን ባነሩን ቀስ ብሎ አነበበና ወደ እኔ መጥቶ፣ የሴቶች ታሪፍ የተለየው ከመቼ ጀምሮ እንደሆነና ደብዳቤው ለምን እንዳልደረሰው ጠየቀኝ። የፊደል ስሕተት ነው አልኩት። አላመነኝም። ስለ ፍራፍሬ ሻጮቹ ሳስረዳ ከኋላዬ ሆኖ ሾፌሮቹን ሰብስቦ ሲያወያይ ነበር።

የአዋላጇ ቤት ፀጉር ቤት ሆኗል። ፀጉር አስተካካዩ ዘፈኑን ቀንሶልን፣ ግማሽ ራሱ የተላጨ ደንበኛውም አብሮን አዳመጠ። ትምህርት ቤቱ ቅዳሜ ስለሆነ ዝግ ነበር። ጥበቃው ደብዳቤው ለእርሳቸው ስላልተጻፈ በር እንደማይከፍቱ በትሕትና አስረዱን። የመጀመሪያዋን ሴት መምህር ታሪክ በአጥር ቀዳዳ ወደ ግቢው እያመለከትኩ ተናገርኩ። መሐል ላይ ጥበቃው መምህሯ የትኛውን ክፍል ያስተምሩ እንደነበር ሲያርሙኝ፣ የእርሳቸውም መምህር እንደነበሩ ታወቀ።

ወፍጮ ቤቱ ጋ የደረስነው ወደ አምስት ሰዓት ገደማ ነው። የቆርቆሮ በሩ ተቆልፏል፤ ውስጡ የሲሚንቶ መጋዘን ነው። እኔ እስከዚያ ድረስ ተበላሽቶብኝ የዋለውን ቀን እዚህ ላይ ላቃናው ቆርጬ ነበር። ባል ሞተሩን ከደሴ እንዳመጡት፣ ሚስት እንዴት እንደቀጠሉት፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ ነገርኩ። በመጨረሻም «ለእኚህ ታላቅ እናት የአንድ ደቂቃ የህሊና ጸሎት እናድርግ» አልኩ።

ሁላችንም አንገታችንን ደፍተን ቆምን። ከመንገዱ ማዶ ጥቁር ዣንጥላ የያዙ አሮጊት ይሄዱ ነበር። ሰው ቆሞ ሲያዩ እርሳቸውም ቆሙ። ከዚያ ተሻግረው መጡና ዣንጥላቸውን አጥፈው ከአንዲት መምህር አጠገብ አንገታቸውን ደፉ። ደቂቃው እስኪያልቅ ጠበቁ። ሲያልቅ መምህሯን በቀስታ ጠየቋት።

«ማን ሞቶ ነው ልጄ?»

«የዚህ ወፍጮ ባለቤት።»

«መቼ?»

«ቆይተዋል አሉ።»

አሮጊቷ በሩን አዩ፣ እኔን አዩ። «ኢናሊላሂ» አሉ። ዣንጥላቸውን ተደግፈው «እኔ ነኝ እኮ» አሉ።

ወንበር የለም እንጂ ቢኖር እቀመጥ ነበር። ግራና ልጃቸው ዘንድ ከተዛወሩ ዘጠኝ ዓመት ሆኗቸዋል፤ ያን ቀን የመጡት ለቅሶ ሊደርሱ ነበር። እጃቸውን ይዤ፣ ሞተዋል ብለውኝ ነው፣ ይቅር ይበሉኝ እማማ እያልኩ ለመንኳቸው።

«አብሽሪ ልጄ» አሉኝ። «ሞት ለማንም አይቀርም። ወፍጮውን ባሏ አመጣው ያልሽው ግን ውሸት ነው።»

ከዚያ በኋላ የተናገሩት እርሳቸው ናቸው። ባላቸው ለሥራ አሰብ ወርደው በዚያው ቀሩ። ደብዳቤ አልመጣም፤ ሰውም አልመጣም። እርሳቸው ከአባታቸው የወረሷቸውን ሁለት በሬዎች ሸጠው ደሴ ወጡና አንድ ያገለገለ ሞተር ገዙ። ክረምት ስለነበር ሞተሩን የጫነው መኪና ጭቃ ፈርቶ አስፋልቱ ዳር አራግፎት ሄደ። ቀኑ ዓርብ ነው። ወንዶቹ ከጁምዓ በኋላ እናነሳዋለን አሉ። ወዲያው ሰማዩ ጠቆረ። ጎርፍ ከወረደ ሞተሩ በዚያው እንደሚቀር ሁሉም ያውቃል። የሰፈሩ ሴቶች ወጡ፤ እስላሟም ክርስቲያኗም፤ አሥራ ሁለት ነበሩ። ሞተሩ መያዣ የለውም። በአቅራቢያው ያለው ጠንካራ እንጨት የቅሬው ቃሬዛ ብቻ ነበር።

ቅሬ እኛ ዘንድ ሰፈሩ ቀብርና ሐዘን የሚረዳዳበት ማኅበር ነው። ቃሬዛው በሽተኛና ሬሳ ይሸከማል፤ ተሸካሚዎቹም ወንዶች ናቸው። ሴቶቹ ቃሬዛውን አወጡ፣ ሞተሩን በገመድ አሰሩበት፣ በትከሻቸው አነሱት።

«ከዚያስ?» አለች ከወልድያ ከመጡት አንዷ።

«ከዚያማ ተሸከምነ። ልታይው ከፈለግሽ ነይ።»

ዣንጥላቸውን እንደ ዱላ ይዘው ቀደሙን። ሁላችንም፣ ባነሩም ጭምር፣ ወደ አስፋልቱ ተመለስን። ሞተሩ የተራገፈበትን ቦታ አሳዩን፤ ዛሬ ባጃጅ ይቆምበታል። ከዚያ ሴቶቹ በሄዱበት እየመሩን መጡ። ውሃ መውረጃው ጋ ሲደርሱ ቆሙና የቃሬዛው አንድ እንጨት የተሰበረው እዚህ ነው አሉ። የተሰበረው በእርሳቸው በኩል ነበር። ቀጥ ብለው ቆመው ሁለቱን ትከሻቸውን አሳዩን፤ ግራው ከቀኙ ሦስት ጣት ያህል ዝቅ ያለ ነው። ከመምህራኑ አንዱ በቃሬዛ ሰው ተሸክሞ ያውቅ ኖሮ፣ እንጨቱ ከተሰበረ በኋላ በምን ያዛችሁት ብሎ ጠየቃቸው። «በእጅ» አሉት።

ወንዶቹ ከመስጊድ ሲወጡ ቃሬዛቸውን ከሞተር ሥር ተሰብሮ አገኙት። ቅሬው በዚያው ሳምንት ተሰበሰበ፤ ሴትዮዋም ቆመው ተጠየቁ። የቅሬው ዳኛ ቃሬዛ የሚሸከመው የታመመ ወይም የሞተ ነው፣ ሞተር ከሁለቱም አይደለም አሏቸው።

«ምን አሉ እርስዎ?» አልኩ።

«የሸጠልኝ ሰው ሞተሩ ትንሽ ያመዋል ብሎኛል አልኳቸው።»

የቅሬው ሽማግሌዎች በዚህ ላይ እስከ ዐስር ሶላት ድረስ ተከራከሩ። በመጨረሻ የተፈረደው፣ ሴቶቹ አዲስ ቃሬዛ አሠርተው እንዲያስገቡና ሐዘን የገባበት ቤት እህል ሲመጣ ከተራው ሁሉ ቀድሞ እንዲፈጭ ነው። ሴትዮዋ ፍርዱን ተቀበሉ፤ ወፍጮው እስኪዘጋም አንድ ቀን አላፈረሱትም። ፍርዱ ያልተዋጠላቸው አንዳንድ ወንዶች ግን ሴት ባስነሳችው ሞተር እህል አናስፈጭም ብለው አኮረፉ። እህል ተሸክሞ ወፍጮ ቤት የሚመጣው ሴት ስለሆነ፣ ማኩረፋቸውን ያወቀላቸው የለም።

ኃላፊዬ አርፍዶ የደረሰው እዚህ ላይ ነበር። ሟቿን ሳስተዋውቀው ጨበጣቸውና ስለ መጡ አመሰገናቸው።

ሰኞ ዕለት ሪፖርት ጻፍኩ። የህሊና ጸሎቱን ልተወው አስቤ ነበር፤ ኃላፊዬ ግን የተከናወነ ተግባር ከሪፖርት አይቀርም አለ። ስለዚህ «ለወፍጮ ቤቱ ባለቤት የህሊና ጸሎት የተደረገ ሲሆን፣ ሟች በቦታው ተገኝተው ሰፊ ማብራሪያ ሰጥተዋል» ብዬ ጻፍኩ። ፈረመበት፣ ማኅተም መታበት። ከወልድያ ምንም ጥያቄ አልመጣም።

እኔ ግን ነገሩ አልለቀቀኝም። ያፈርኩት ሞተዋል በማለቴ ብቻ አይደለም። ሽማግሌዎቹ «ባላቸው አመጡት» ሲሉኝ ለአፍታም አለመጠራጠሬ ነው የቆጨኝ። ሴቶች ምን ሠሩ እያልኩ እየዞርኩ፣ ሲነግሩኝ የወንድ አድርጌ ጻፍኩት። ይህን ግራና ድረስ ሄጄ ስነግራቸው ብዙም አልገረማቸውም። ሽማግሌዎቹ ቢሳሳቱ አይፈረድባቸውም፣ በዚያ ዓርብ መስጊድ ነበሩ አሉ።

በተከታዩ ዓመት ጉዞውን የመሩት እርሳቸው ናቸው። የእኔን አራት ቦታዎች ወደ አሥር አሳደጓቸው። አንዳንዱ ቦታ ላይ ምንም የለም፤ ባዶ ሜዳ ነው። እዚያ ቆመው ማን እንደነበረች፣ ምን እንዳደረገች ይናገራሉ፤ ሰው ሜዳውን እያየ ያዳምጣል።

አንድ ቀን ሞተሩን ከተሸከሙት ሦስት ብቻ መቅረታቸውን ነገሩኝ። አንዷ ውርጌሳ እንዳሉ ሲነግሩኝ አብረን በሚኒባስ ሄድን። ሴትዮዋ ክርስቲያን ናቸው፤ ዓይናቸው ደክሟል። ጓደኛቸውን በድምፅ ለይተው አንገታቸውን አቀፉና ረዥም ጊዜ ሳይላቀቁ ቆዩ። እኔ ደብተሬን አወጣሁ። አሥራ ሁለት ነበራችሁ አይደል ስላቸው፣ የውርጌሳዋ አይደለንም አሉ። የተሸከምነው ዘጠኝ ነን፤ ሦስቱ የመጡት ሞተሩ ከተቀመጠ በኋላ ነው፣ እንዲያውም አንዷ የመጣችው ልጇን ፍለጋ ነበር አሉ። የግራናዋ አልተስማሙም። ስም እየጠሩ፣ ማን በየትኛው እንጨት ሥር እንደነበረች በጣታቸው መሬት ላይ እያሳዩ ግማሽ ሰዓት ያህል ተከራከሩ። ሁለቱንም ጻፍኩ።

ከዚያ ለብዙ ጊዜ ልጠይቅ ያሰብኩትን ጠየቅኩ። ሴት የማትነካውን ቃሬዛ አንስተው ትከሻቸው ላይ ሲያደርጉት በዚያች ሰዓት ምን እንደተሰማቸው እንዲነግሩኝ ለመንኳቸው።

የውርጌሳዋ ሴትዮ ፊታቸውን ወደ ድምፄ አዞሩና አሰቡ።

«ከበደን» አሉ።

የግራናዋ በዚህኛው ተስማሙ። ከዚያ ስለ ጉልበታቸው ሕመም ማውራት ጀመሩ፤ እኔም ደብተሬን ዘግቼ የመመለሻ መኪና እስኪመጣ አዳመጥኳቸው።