«እንጃ» ያልኩበት ዜማ

ኮምቦልቻ፣ ልብስ ከምሰፋባት ሱቅ አጠገብ አንድ ብየዳ ቤት አለ። ጠዋት ማሽኑን ሲያበሩት፣ ገና ብረቱን ሳይነኩት፣ እምምም የሚል ዝቅ ያለ ድምፅ ይሰማል። ሌላው ሰው ልብ አይለውም፤ እኔ ግን በሰማሁት ቁጥር እጄ ጨርቁ ላይ ይቆምና፣ ወንድሜ አያ ኑሩ የጊታሩን ገመድ ሰክቶ ክሩን ከመምታቱ በፊት የነበረችው ያቺ አጭር ጊዜ ትመጣብኛለች። የእሱም ድምፅ ማጉያ እንዲሁ እምም ይል ነበር። ከዚያ ቀጥሎ የሚመጣውን ድምፅ ግን በቤታችን ከእኔ በቀር በደስታ የሚጠብቀው አልነበረም።

ቤታችን ደሴ፣ ሆጤ ሰፈር ነበር። አባቴ ሰይድ የጨርቅ ነጋዴ ስለነበር የፊቱ ክፍል ሱቅ፣ የጓሮው መኖሪያ ሆኖ፣ እኔ በሁለቱ መካከል ከተደረደረው የጨርቅ ጣቃ ኋላ ነው ያደግሁት ማለት ይቻላል። እንግዳ ሲመጣ እዚያ እገባ ነበር። ትምህርት ቤትም መምህሩ ሲጠይቀኝ፣ መልሱን እያወቅሁት ጉሮሮዬ ላይ ይቀር ነበር። እናቴ ወገቧን ታማ ከስድስተኛ ክፍል ወጥቼ ቤት ስቀር፣ እውነቱን ለመናገር፣ ስሜ የሚጠራበት አንድ ቦታ ቀነሰልኝ ብዬ ደስ ብሎኝ ነበር። አያ ኑሩ የበኩር ልጅ ነው፣ እኔ የመጨረሻዋ ነኝ፤ በመካከል ያሉት እህቶቼ አግብተው ስለወጡ፣ በቤቱ ልጅ የምንባለው ሁለታችን ብቻ ነበርን።

ጊታሩ የመጣው በክረምት ነው። መንግሥት ተለውጦ የየቀበሌው የኪነት ቡድን ከተበተነ ጥቂት ዓመት ሆኖት፣ መሣሪያው ሁሉ በየሰው አልጋ ሥር ተኝቶ ነበር። አያ ኑሩ ከአንድ የድሮ የኪነት ተጫዋች ቀይ የኤሌክትሪክ ጊታር በእጅ ሰዓቱና በቆዳ ጃኬቱ ለውጦ፣ በጆንያ ጠቅልሎ፣ ራሱ በዝናብ በስብሶ ጊታሩን ሳያስነካ ገባ። ድምፅ ማጉያውን ሬዲዮ ጠጋኙ ከአሮጌ ዕቃ ገጣጥሞ ሠራለት። ስፒከሩ የተቀደደ ስለነበር ድምፁ እየተሰነጠቀና እያጓራ ነበር የሚወጣው፤ ጠጋኙ ልለጥፍልህ ቢለው አያ ኑሩ እምቢ በማለቱ፣ ሰውዬው ሙያዬን ናቀብኝ ብሎ ለብዙ ጊዜ ሰላምታ ነሳው። አያ ኑሩ ግን ምክንያት ነበረው። የጭነት መኪና ሾፌር የነበረው አጎታችን ከአሰብ ሲመለስ ምንም ያልተጻፈበት ካሴት አምጥቶለት ነበር፤ በዚያ ካሴት ላይ ያሉት ፈረንጆች ጊታራቸውን የሚያስጮኹት ልክ እንደዚያ እንደተቀደደው ስፒከር ነበር።

ጭጋጉ ከጦሳ ተራራ ወርዶ ከተማውን በዋጠባቸው በእነዚያ ወራት፣ አያ ኑሩ ጓሮ ተቀምጦ ካሴቱን ወደ ኋላ እየመለሰ፣ አንዲቱን ድምፅ በጆሮው እየፈለገ፣ የጣቶቹ ጫፍ እስኪላጥ ይለማመድ ነበር። አባባ ሱቁ ውስጥ ጨርቅ እየለካ፣ «ይሄ ሙዚቃ ነው ወይስ ጭነት መኪና የሐረጎን ዳገት ሲወጣ?» ብሎ ደንበኞቹን ያስቃቸው ነበር። ቢያሾፍም አልከለከለውም፤ ሰርግ ላይ ከሆነ ይምታ፣ ሰርግ ደስታ ነው ይል ነበር።

ያ ጩኸት ሮክ እንደሚባል የነገረን ታደለ ነው። ታደለ የጎረቤታችን የመሪጌታ ልጅ ሲሆን የአያ ኑሩ እኩያ ነበር፤ ቤታችን ሥጋ በተሠራ ቀን እናቴ ለእሱ ለብቻ ሽሮ ትሠራለት ነበር። ግጥም ይጽፋል። አሠራራቸው አንድ ዓይነት ነበር፤ ታደለ አንድ ስንኝ ያነባል፣ አያ ኑሩ በጊታሩ ይመልስለታል፣ የጊታሩ መልስ ካልጣመው ታደለ «ጊታሩ እምቢ አለ» ብሎ ስንኙን ይሰርዘዋል። እኔ ከጣቃው ኋላ ሆኜ፣ ጊታሩ እምቢ ሳይል ያለፈውን ስንኝ ሁሉ በቃሌ እይዘው ነበር።

ክረምቱ ወጥቶ በጋ ሲገባ አያ ኑሩ ኮምቦልቻ ወርዶ ሰርግ ላይ የሚጫወት አንድ ቡድን ውስጥ ገባ። የሚያድረው አክስታችን ሐዋ ቤት ነበር፤ እሷ የእህል ማስቀመጫ ክፍሏን ለልምምድ ሰጥታቸው፣ ጎረቤት ሲያጉረመርም «ከዝምታ የልጆች ጫጫታ ይሻላል» ትላቸው ነበር። እናቴ ከደሴ ብርድ ወገቧን ልታሳርፍ ወደዚያ ስትወርድ እኔም አብሬ እወርድ ነበር። ኮምቦልቻ ሞቃት በመሆኑ ከእጃችን ጋር አፋችንም የሚፈታ ይመስለኝ ነበር፤ ደሴ ላይ የማላደርገውን፣ ሥራ እየሠራሁ ዜማ ማጉረምረምን፣ እዚያ አደርገው ነበር።

አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ግቢው ውስጥ ሳህን እያጠብኩ እንዲሁ አንድ ዜማ አጉረመርማለሁ። አያ ኑሩና ሊጎበኘው ከደሴ የወረደው ታደለ ግጥም አልቆላቸው ዜማ አጥተው፣ ሦስት ቀን ሙሉ ሲነታረኩ ነበር። በድንገት የጊታሩ ድምፅ ቆመና አያ ኑሩ ገመዱን መሬት ለመሬት እየጎተተ ወጣ።

«ሰዲ፣ እስቲ ድገሚው» አለኝ።

ደገምኩት። ዓይኑን ጨፍኖ ሰማኝና በጊታሩ ተከተለኝ። ታደለ ከኋላው መጥቶ ግጥሙን በላዩ ላይ ሲያነብ፣ «ቦርከና ቢሞላም ተሻግሬ ልምጣ» የሚለው ስንኝ ለዚያ ዜማ የተጻፈ ያህል ገጠመ።

«ከየት አመጣሽው?» አለኝ አያ ኑሩ።

«እንጃ» አልኩት።

«ከራስሽ ነው?»

ዝም ብዬ አንገቴን ደፋሁ። እሱም አዎ ማለቴ መሰለው።

ከየት እንዳመጣሁት ግን በደንብ አውቅ ነበር። እናቴ ሐሙስ ሐሙስ እማ ዘሀራ የሚባሉ አሮጊት ቤት፣ ሴቶች ተሰብስበው ዱዓ ወደሚያደርጉበት ወዳጃ ትሄድ ነበር፣ እኔንም ይዛኝ ትሄዳለች። እማ ዘሀራ ድቤ እየመቱ መንዙማ ያወጣሉ፣ ሴቶቹ ይቀበላሉ። ያ ዜማ የእሳቸው ነበር፤ ወንዶች ስለማይገቡ አያ ኑሩ አልሰማውም። ለምን እንደዋሸሁ እስከ ዛሬ ስጠየቅ የምመልሰው አንድ ነው። አያ ኑሩ ወደ እኔ ዞሮ የሆነ ነገር ሲለምነኝ ያ የመጀመሪያው ነበርና፣ የተገኘው ነገር የእኔ ቢሆን ተመኘሁ።

ዘፈኑን ደሴ አንድ ሙዚቃ ቤት ቀዱት። በልግ ሲገባ ካሴቱ ከኮምቦልቻ ደሴ በሚመላለሰው ሚኒባስ ሁሉ ይሰማ ጀመር። ሐረጎን ስንወጣ ተሳፋሪው ከጊታሩ ጋር ሲያፏጭ እየሰማሁ፣ ፊቴን ወደ መስኮቱ አዙሬ ለብቻዬ እስቅ ነበር። አረፋ ሊደርስ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ደግሞ ካሴቱን የሰማ አንድ የአዲስ አበባ ባንድ መሪ አያ ኑሩ ጊታር እንዲመታለት ላከበት፤ ከበዓሉ በኋላ ይምጣ ብሎ ነበር።

ያን ሰሞን ነው አባባ በአንድ መጠጥ ቤት በር ሲያልፍ ዘፈኑን የሰማው። ሱቁን በጊዜ ዘግቶ ገባና ጫማውን ሳያወልቅ ተቀመጠ። እናቴ ምን ሆንክ ብትለው፣ «የእናቴን ዱዓ መጠጥ ቤት አስገቡት» አላት። እኛ ሳንወለድ አያቴ ታማ በተኛችበት ጊዜ እማ ዘሀራ አልጋዋ ሥር ተቀምጠው ያሉላት መንዙማ ያ ነበር፤ አባባ በሩ ላይ ቆሞ ሲሰማው ነበር የከረመው። እኔ ይህን የዚያን ዕለት ገና መስማቴ ነበር።

በማግስቱ አያ ኑሩ ስለ አዲስ አበባው ጉዳይ ምርቃት ሊቀበል፣ ደስ ብሎት ከኮምቦልቻ መጣ። አባባ ዜማውን ከየት እንዳገኙት ጠየቀው። አያ ኑሩ የእኔን ስም አልጠራም፤ የልጃገረድ ስም ከዘፈን ጋር እንዳይነሳ ሊጠብቀኝ ነበር። «የራሳችን ነው አባባ» ብቻ አለው። አባባ እርግጠኛ ነህ ቢለው፣ «ወላሂ ከማንም አልወሰድነውም» አለ።

አባባ አልጮኸም። «ዘፈኑንስ ይቅር እልህ ነበር» አለው። «መሐላውን ምን ላድርገው?»

ከዚያ ፊቱን አዞረ። አያ ኑሩ ምን እንዳጠፋ እንኳ ሳይገባው ኮምቦልቻ ተመለሰ፤ ለታደለም ያለ አባቴ ምርቃት አውቶቡስ ላይ አልወጣም፣ ሌላ ሰው ይፈልጉ ብሎ ነገረው። እኔ አባባና እሱ የተነጋገሩትን ከጣቃው ኋላ ሆኜ ሁሉን ሰምቻለሁ። የእኔ «እንጃ» ወንድሜን በአላህ ስም ሐሰት አስምሎታል። ሁለት ቀን ሙሉ ለአባባ ልናገር ሱቁ ድረስ ሄጄ በሩ ላይ ስደርስ እግሬ ይመልሰኝ ነበር።

በሦስተኛው ቀን፣ ለማንም ሳልነግር፣ በጠራራ ፀሐይ ብቻዬን ወደ እማ ዘሀራ ቤት ወጣሁ። ሰው ፈልጌ ለመነጋገር ብቻዬን ስሄድ በሕይወቴ የመጀመሪያዬ ነበር። እማ ዘሀራ ደጃቸው ላይ ምስር ይለቅማሉ። ዓይኔን ምስሩ ላይ ተክዬ፣ እየተንተባተብኩ፣ ሁሉንም ነገርኳቸው።

«እስቲ የወሰድሽውን በይው» አሉኝ።

በአፌ እያጉረመረምኩ አልኩላቸው። አንገታቸውን እየነቀነቁ እስከ መጨረሻው ሰሙኝና፣ ሳቃቸው መጣ። እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ።

«እኔስ ከየት ያመጣሁት መሰለሽ?» አሉኝ። «አገራችን ገራዶ፣ ልጃገረድ ሆነን ጤፍ ስናርም ጎረምሶቹን የምንሰድብበት ዘፈን ነው። ኋላ ዘፈን ትቼ ተውበት ስገባ እሱንም ይዤው ገባሁ።»

እኔም በድንጋጤ ሳቅሁ። እሳቸው ግን ሳቃቸውን ገታ አድርገው፣ የዜማው ነገር ቀላል ነው፣ የከበደው መሐላው ነው፣ እሱን አንቺው ትናገሪዋለሽ እንጂ እኔ አልናገርልሽም አሉኝ። አብሬሽ እቆማለሁ ብለው ግን ነጠላቸውን አንስተው ተከተሉኝ።

አባባ እማ ዘሀራን ሲያይ የሚለካውን ጨርቅ ጥሎ ተነሳና እጃቸውን ሳመ። «ምነው ቢልኩብኝ እኔ እመጣ አልነበር?» አላቸው። እሳቸውም «ይቺ ልጅህ የምትልህ አለ» ብለው በርጩማው ላይ ተቀመጡ። ከዚያ በላይ አልረዱኝም፣ መቁጠሪያቸውን አውጥተው ይቆጥራሉ።

«አባባ፣ ዜማውን የሰጠሁት እኔ ነኝ» አልኩ በመጨረሻ። «ከወዳጃው የሰማሁት ነው። አያ ኑሩ ከየት ነው ሲለኝ እንጃ አልኩት።»

«ታዲያ ኑሩ ሳያውቅ ነው የማለው?»

«ሳያውቅ ነው።»

አባባ ጣቃው ላይ ቁጭ አለ። በእኔ ላይ የሚቆጣ መስሎኝ እየጠበቅሁ ሳለ፣ ረጅም ትንፋሽ አወጣና «አልሐምዱሊላህ» አለ። ልጁ እያወቀ በሐሰት አለመማሉ እንዲህ ስላሳረፈው፣ ለእኔ የሚሆን ቁጣ አልተረፈውም። እማ ዘሀራ የገራዶውን ታሪክ ሲነግሩት ደግሞ አፉን ከፍቶ ሰማና፣ እናቴስ ይሄን ታውቅ ነበር ወይ ብሎ ጠየቃቸው።

«አብራኝ ታርም አልነበር?» አሉት። «ኸረ ስድቡን የምታበዛው እሷ ነበረች።»

አባባ እንደዚያ ሲስቅ አይቼው አላውቅም። እናቴ ከጓሮ ምን ተገኘ ብላ ወገቧን ይዛ መጣች፤ ነገሩን ስትሰማ እሷም ግድግዳውን ተደግፋ ሳቀች።

ለውሸቴ ሦስት ቀን ፁሚ ተባልኩ። ተልኮበት የመጣው አያ ኑሩም ነገሩን ሲሰማ፣ አብሽሪ፣ እኔም ባላጣራሁት ነገር ምያለሁ ብሎ ሦስቱንም ቀን አብሮኝ ፆመ። የአረፋ ዕለት ከሶላት መልስ ሊመረቅ አባባ ፊት ተንበረከከ። ታደለ ለእንኳን አደረሳችሁ መጥቶ፣ ልግባ አልግባ እያለ በሩ ላይ ቆሞ ነበር። አባባ አየውና፣ «ግባ እንጂ፣ ግጥሙን የጻፍከው አንተ አይደለህ?» አለው። ሁለቱም ጎን ለጎን ተንበርክከው፣ አባባ እጁን ዘርግቶ አላህ መንገዳችሁን ያቅናው ሲል፣ ከሁላችንም አስበልጦ አሜን ያለው ታደለ ነበር። አባባ ያዘዛቸው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ስትጠየቁ ከየት እንዳመጣችሁት ተናገሩ አላቸው።

አያ ኑሩ ከዚያ በኋላ አዲስ አበባ ቀረ። የመጀመሪያዎቹን ዓመታት ከዘፋኞች ኋላ ቆሞ፣ ድምፁን ቀንስ እየተባለ ነበር የሚመታው። ታደለ በዓመቱ ተከተለው፣ አንድ ክፍል ተጋርተው እየኖሩ በዚያው አሠራራቸው፣ አንዱ እያነበበ አንዱ በጊታር እየመለሰ፣ ለብዙ ዘፋኝ ሠሩ። ቀስ እያለ ዘፋኞቹ ራሳቸው ያንን የሚሰነጠቅ ድምፅ አምጣልን ይሉት ጀመር። የቦርከናው ዘፈን እንደገና ተቀድቶ ሲወጣ በካሴቱ ሽፋን ላይ ግጥም ታደለ፣ ጊታር ኑሩ፣ ዜማ የገራዶ አራሚዎች ተብሎ ተጻፈ። ደሴ የሚገኝ አንድ ካሴት ሻጭ፣ የገራዶ አራሚዎች አዲስ የተቋቋመ ባንድ ነው ብሎ ለአባባ ሲያስረዳው፣ አባባ አላረመውም፤ ጥሩ ባንድ ይመስላል ብሎት መጣ።

ዛሬ አያ ኑሩ ጢሙ ሸብቷል፣ ከመድረክ ይልቅ በስቱዲዮ ነው የሚውለው። አዲስ ነገር ሲሠራ ስልክ ይደውልና ያሰማኛል፤ ከሌላ ዘፈን የመጣ ከመሰለኝ እነግረዋለሁ፣ ይስቅና ያስተካክለዋል። እኔ አሁንም ዓይን አፋር ነኝ። ደንበኛ ሲመጣ ልኩን ወስጄ ቀኑን ነግሬ እሸኛለሁ፣ ከዚያ የዘለለ ብዙም አላወራም፤ ይህንንም መናገር ቢከብደኝ ነው የጻፍኩት። ያኔ ግን ዝም ስል የምደብቀው ነገር ነበረኝ፣ ሰው ሁሉ የሚያውቅብኝ እየመሰለኝ ቀና ማለት አልችልም ነበር። ዛሬ ዝም የምለው የምለው ስለሌለኝ ብቻ ነው፤ ቀሎኝ ውዬ፣ ቀሎኝ እገባለሁ።