ጭቃው በሕይወት ሳለ

የምኖርበት ፎቅ ደረጃ ቅዳሜ ቅዳሜ በበረኪና ይታጠባል። ሽታው በበሩ ሥር ሲገባ መስኮቱን ሁሉ እከፍታለሁ። ምራቴ «እማዬ፣ ሰው እንዴት ንጽሕና ይጠላል?» እያለች ትስቃለች። ለእሷ ምክንያቱን ነግሬያት አላውቅም። አንቺ ግን ስለጠየቅሽኝ ልንገርሽ።

አሥራ ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፤ ዘመኑ ደርግ ነው። ደሴ አሥራ ሁለተኛ ክፍል እንደጨረስኩ ኮምቦልቻ ዳር በነበረች አንዲት ጨርቅ ማቅለሚያ የላቦራቶሪ ረዳት ሆኜ ተቀጠርኩ። ከግለሰብ ተወርሳ የመንግሥት የሆነች ትንሽ ቤት ነበረች፤ ዛሬ ግድግዳዋም የለ። ሰኞ ማለዳ ከደሴ ጉም ተነሥቼ የሐረጎን ጠመዝማዛ መንገድ እወርዳለሁ። ሙቀቱ ሲቀበለኝ ሹራቤን አወልቃለሁ። ከአውቶቡስ ወርጄ ወደ ማቅለሚያዋ ስጠጋ ደግሞ ሽታው ይቀበለኛል። ክሩ እንዲጠነክር የተቀባው፣ ከጨርቁ የሚታጠበው ስታርች ከቀለሙ ጋር በቦይ ወርዶ ከበታች ካለው ጅረት ይገባና እዚያው ይኮመጥጣል። ጅረቱ አንድ ቀን ሰማያዊ፣ አንድ ቀን ቀይ ሆኖ ይውላል።

ከጅረቱ ማዶ የሚያርሱ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። በየሳምንቱ ከዚያ ውሃ በጠርሙስ ቀድተው ያመጡና በራችን ላይ አስቀምጠው ይመለሳሉ። አንድ ቀን አለቃዬ ወጥቶ ጠርሙሱን ከእጃቸው ተቀበላቸው።

«ወላሂ፣ ለሶላት ዉዱእ የማደርግበት ውሃ አሳጣችሁኝ» አሉት።

አለቃዬ ባሕር ማዶ ተምሮ የመጣ ኬሚስት ነበር። ዕድሜው ከሠላሳ ብዙ ያላለፈ፣ ዝምተኛ፣ የጋወኑ ክርን የተጣፈ ሰው። ጠርሙሱን ወደ ብርሃን አንሥቶ ሲያየው ቆየና «አባቴ፣ ከበረትዎ ሥር ያለውን ጥቁር ጭቃ ይሰጡኛል?» አላቸው። ሽማግሌው የሚያላግጥባቸው መስሏቸው ፊታቸው ተለዋወጠ። በማግስቱ ግን ጭቃውን በአህያ ጭነው መጡ።

የውሃ ማጣሪያ ኩሬ በዚያ ጭቃና በላም እበት ተጀመረ። አለቃዬ ከማቅለሚያዋ ጀርባ ጉድጓድ አስቆፍሮ ቦዩን ወደዚያ አዞረው፤ ውሃው እዚያ ሰንብቶ ነው ወደ ጅረቱ የሚወርደው። «በዓይን አይታዩም እንጂ ጭቃው ውስጥ የማይቆጠሩ ተሕዋስያን አሉ» ይለኝ ነበር። «የወደቀ ቅጠልን፣ የሞተ እንጨትን አፈር የሚያደርጉት እነሱ ናቸው። አየርና ጊዜ ከሰጠናቸው ይህን ስታርችም ይበሉታል።» ጠዋትና ማታ በረጅም መቅዘፊያ እናማስለዋለን። ሠራተኞቹ ለአለቃዬ «ጓድ ጭቃው» ብለው ስም አወጡለት፤ ሰምቶ እንዳልሰማ ያልፋል።

በየሳምንቱ አንድ ቁራጭ የጥጥ ጨርቅ በገመድ አስሬ ኩሬው ውስጥ የምሰቅለው እኔ ነበርኩ። ጥጥም ምግባቸው ነው። ሳወጣው ከተበላና በጣቴ ከተበጠሰልኝ ጭቃው በሕይወት አለ ማለት ነው። በመጀመሪያው ወር ኩሬው ገማ። በሁለተኛው ወር ጨርቁ መሳሳት ጀመረ። በሦስተኛው ወር አንድ ማለዳ ስደርስ ሽታው የለም፤ የሚሸተው ዝናብ የነካው አፈር ነው። ቀለሙ ጨርሶ አልጠፋም፤ ውሃው እንደ ቀጠነ ሻይ ነበር። ጅረቱ ዳር ግን እንቁራሪት ጮኸ። ሽማግሌው ወርደው ውሃውን በእፍኛቸው ዘገኑ፣ አሸተቱ፣ ከዚያ እጅጌያቸውን ሰብስበው ዉዱእ አደረጉ። ኬሚስቱ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ መነጽሩን ሲጠርግ አየሁት።

አንድ ነገር ብቻ ወደ ኩሬው እንዳይገባ ተከልክሎ ነበር። ነጭ ጨርቅ የሚነጣበት የበረኪና ውሃ በተለየ ታንከር ሰንብቶ ኃይሉ ካልሞተ በቀር አይለቀቅም። የቫልቩን ቁልፍ ለእኔ ሰጠኝና «አደራ፣ ይህ ከገባ ሁሉንም ይጨርሳቸዋል» አለኝ።

የአብዮት በዓል ሲቃረብ ብዙ ነጭ ጨርቅ ታዘዘ። ታንከሩ ሞላ። ኬሚስቱ ለስብሰባ ደሴ ወጥቶ ነበር። የማቅለሚያዋ የፖለቲካ ካድሬ ወደ ላቦራቶሪው ገባ።

«ክፈቺው። ሥራ ሊቆም ነው።»

«ጓድ፣ ይሞታሉ» አልኩት።

«ማን?»

«ጭቃው ውስጥ ያሉት... ተሕዋስያኑ።»

ሳቀ። ከዚያ ሳቁን አቆመና «ለማይታይ ነገር ብለሽ የአብዮቱን ሥራ ልታስቆሚ? የማን ልጅ ነሽ አንቺ?» አለኝ።

የማን ልጅ እንደሆንኩ ያውቅ ነበር። አባቴ ከሁለት ዓመት በፊት ከቤት ተወስዶ አልተመለሰም። እናቴ ደሴ የምትበላው በእኔ ደመወዝ ነው። ቁልፉን ከኪሴ አወጣሁ። ቫልቩ ጠንክሮብኝ በሁለት እጄ አዞርኩት። ውሃው ሲወርድ ሽታው ዓይኔን አቃጠለኝ።

ሁለት ቀን ምንም አልታየም። እንዲያውም ኩሬው ጠራ፤ አማረ። በሦስተኛው ቀን ከሥሩ እንደ ቆዳ የተላጠ ጭቃ ተንሳፈፈ፤ ከዚያ የበፊቱ ግማት ብሶበት ተመለሰ። ጨርቁን ሳወጣው ነጭ ነው። ጎተትኩት፤ አልተበጠሰም። እንደዚያ ንጹሕ ነገር አይቼ አላውቅም፤ እንደዚያም ደንግጬ አላውቅም።

በዚያው ሳምንት የሽማግሌው ላም ሞተች። ከውሃው ይሁን ከሌላ፣ ያረጋገጠ የለም።

ኬሚስቱ ተመልሶ ጨርቁን በጣቶቹ መሐል ይዞ ቆመ። ቫልቩን ማን እንደከፈተ አልጠየቀኝም። ቁልፉ ከእኔ ሌላ በማንም እጅ አልነበረም።

ስብሰባ ተጠራ። ሠራተኛው ሁሉ ግቢው ውስጥ ተቀመጠ። ካድሬው ስለ አሻጥር ተናገረ፤ የአርሶ አደር ከብት እያስገደለ ያለ ሰው እንዳለ ተናገረ። «ታንከሩን ያስከፈተው ማን ነው?» ሲል ዓይኑ እኔ ላይ አረፈ። ያዘዘው እሱ ራሱ ነው! ልነሣ ፈለግሁ፤ አቀርቅሬ ኪሴ ውስጥ ያለውን ቁልፍ ጨበጥኩ።

ከፊት «እኔ ነኝ» የሚል ድምፅ ሰማሁ። ኬሚስቱ ቆሞ ነበር። «ኩሬው የእኔ ነው። ኃላፊነቱም የእኔ ነው።»

ወዲያው ሁለት የታጠቁ ሰዎች ወደ ላንድሮቨር ወሰዱት። በአጠገቤ ሲያልፍ በቀስታ «አብሽሪ» ብሎ አጽናናኝ። ሌላ ቃል የለም። መኪናው የሐረጎን መንገድ ይዞ ወጣ።

ሌሊቱን ሳልተኛ አድሬ በማግስቱ ሽማግሌው ቤት ሄድኩ። በረቱ ባዶ ነበር። «የከፈትኩት እኔ ነኝ» አልኳቸው። ቀና ብለው አዩኝ።

«ለሱ ነግረሽዋል?»

«ያውቃል።»

«ማወቁን አልጠየቅኩሽም።»

«አልነገርኩትም።»

«ታዲያ እኔ ዘንድ ምን አመጣሽ፣ ልጄ?» ብለው ተነሡ።

በዚያው ዕለት ደሴ ወጣሁ። እስር ቤቱ በር ላይ «ወደ ሌላ ቦታ ተወስዷል» አሉኝ። ወዴት እንደሆነ የነገረኝ የለም፤ ያን ጊዜም፣ ከዚያ ወዲህም።

እናቱ ደሴ እንደሚኖሩ ሰምቼ ነበርና ጠይቄ ጠይቄ ቤታቸውን አገኘሁ። ማን እንደሆንኩ ስነግራቸው አቅፈውኝ አለቀሱ። እጄን አስታጥበው አበሉኝ፤ ባልበላ እንደሚከፋቸው አውቄ በላሁ። ከዚያ ጉልበቴ ላይ እጃቸውን አኑረው ጠየቁኝ።

«እውነት ንገሪኝ፣ ልጄ ምን አጥፍቶ ነው?»

«ምንም፣ እማማ። ምንም አላጠፋም።»

«አውቃለሁ» አሉ።

እስኪሞቱ ድረስ በየቅዳሜው እሄድላቸው ነበር። ጸጉሬን ይሠሩኛል፤ እያጎነጎኑ ስለ ልጃቸው ሕፃንነት ያወሩኛል፤ ለጎረቤትም «የልጄ ጓደኛ ናት፣ እንደ እሷ ያለ ሰው የለም» ይላሉ። የጠፋ ነገር ካለ ያጠፋው ማን እንደሆነ አንድ ቀንም አልጠየቁኝም። ቢጠይቁኝ እነግራቸው ነበር። እስከ ዛሬ ለራሴ የምለው ይህንን ነው።