አንድም ውኃ፣ አንድም እሳት

ባለፈው ጥቅምት ከመካነ ሰላም ወደ ትውልድ ቀበሌዬ ስሄድ ሚኒባሱ ዳገቱ ላይ አቃተውና ሾፌሩ ወርደን በእግር እንድንወጣ ለመነን። ጉልበቴ እንደ ድሮው አይደለም። ለመንገድ ተብሎ በማሽን በተቆረጠው ገደል ሥር ቁጭ ብዬ ሳርፍ፣ አብረውን የተሳፈሩ ሁለት ተማሪዎች ገደሉን እያዩ ይከራከሩ ነበር። አንደኛው ተነባብሮ የሚታየውን ጥቁር ድንጋይ እያሳየ፣ እያንዳንዱ መስመር አንድ ጊዜ የፈሰሰ እሳት ነው ይላል። ሌላው ደግሞ ውኃ ያስቀመጠው እንጂ እሳት እንዲህ አያስተካክልም ይላል። ደክሞኝ ነበር። አባቴን አስታወሱኝ።

አባቴ የአጥቢያችን ቄስ ነበሩ። እኔ ያን ጊዜ ስምንተኛ ክፍል ነኝ። በቀበሌያችን ከአራተኛ ክፍል በላይ ስላልነበረ መካነ ሰላም አክስቴ ዘንድ አድር ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ስንቅ ልይዝ ወደ ቤት እሄዳለሁ፤ በሶ፣ ሽሮ፣ ደረቅ ቂጣ። መንገዱ ግማሽ ቀን ይፈጃል። በክረምት ጭቃው እስከ ጉልበት ነው፤ በጥቅምት ግን ገብሱ ሲያሸት መንገዱ ሁሉ ደስ የሚል ሽታ አለው።

የጂኦግራፊ አስተማሪያችን አንድ ሽፋኑ የተገነጠለ መጽሐፍ አዋሰኝ። የጥንት ሰዎች ስለ ምድር የጻፉትን የሰበሰበ ነበር። አንዱ በተራራ ላይ የባሕር ቀንድ አውጣ አግኝቶ፣ ይህ ቦታ ባሕር ነበር ብሎ ጽፏል። ሌላው የለም፣ የኖኅ ዘመን ውኃ ያመጣው ነው ብሏል። መጽሐፉን በነጠላዬ ጠቅልዬ ይዤው እሄድ ነበር፤ ሰውም አየብኝ።

ትምህርት ከመከፈቱ በፊት በነበረው ክረምት ከአባቴ ጋር የሚቀድሱት ሽማግሌ ቄስ ዐረፉ። ለቅዳሴ ሁለት ቄስና ሦስት ዲያቆን ያስፈልጋል። አንድ ቄስ ብቻ ሲቀር ቤተ ክርስቲያናችን የማለዳው የኪዳን ጸሎት እንጂ ቅዳሴ የሌለበት ሆነ። ተስፋ የተጣለው በዲያቆን ምስጋናው ላይ ነበር። ግን ዲያቆን ቅስና ከመቀበሉ በፊት ማግባት አለበት፤ ከተቀበለ በኋላ አይችልም። አባቱ አያ እሸቴ ጎረቤታችን ናቸው። ለልጃቸው ያሰቡት እኔን ነበር።

አንድ ቅዳሜ እግሬ በአቧራ ነጥቶ ስደርስ ሽማግሌዎች መደቡ ላይ ተደርድረው አገኘሁ። እናቴ ዓይኔን ሳታይ ጠላ ትቀዳለች።

«ኸይር ነው ልጄ፣ አብሽሪ» አሉኝ አያ እሸቴ። «ደግ ነገር ይዘን ነው የመጣን።»

አባቴ፣ «ትምህርቷስ?» አሉ።

«ትምህርት ምን ሆነ? ፊደል ለይታ የለ? ለቄስ ሚስት ይበቃታል። ደግሞ አይቀየሙኝና ቄሴ፣ ዓለም በራሱ ተገኘ የሚል መጽሐፍ ታቅፋ ትዞራለች ሲሉ ሰምቻለሁ። ሳትበላሽ ብትሰበሰብ ለእርስዎም ክብር ነው።»

በዚያ ዘመን ትምህርት ቤት ፈጣሪ የለም ይባላል የሚል ወሬ ነበር። አባቴ፣ «እስከ ሳምንት ቆዩኝ» ብለው ሸኟቸው።

በማግሥቱ ኪዳን አድርሰው ተመለሱና ከገብሱ ክምር አጠገብ፣ ፀሐዩ ላይ ተቀመጡ።

«ያን መጽሐፍ አምጪውና አንብቢልኝ።»

አምጥቼ አነበብኩ። ጥቂት እንደሄድኩ አስቆሙኝ።

«የኔታቸው ማን ነበር?»

«የኔታ የላቸውም አባባ። ዘመናቸውም አገራቸውም ለየቅል ነው።»

«አንድ ጉባኤ ካልተቀመጡ እንዴት ይከራከራሉ?»

«ሁሉም ድንጋዩን አይተው ነው።»

«ድንጋይ ሲያዩ ያረጁ ሰዎች» አሉና ሳቅ አሉ። «በይ ቀጥይ።»

ድንጋይ ሁሉ ከውኃ ረግቶ ነው የተሠራው ያሉትና የለም ከእሳት ነው ያሉት ሲሟገቱ አነበብኩላቸው። የዝንብ ጭራቸውን አነሡ።

«እንደሱ አይነበብም። አንድም ውኃ ነው፣ አንድም እሳት ነው ብለሽ አስኪጂው።»

በጉባኤ ቤት አንድ ቃል ብዙ ፍች ሲኖረው መምህሩ እያንዳንዱን «አንድም» እያለ ያስከትለዋል፤ አንዱ ሌላውን አያስወጣውም። አባቴ እነዚያን የሩቅ አገር ሰዎች እንደ ጉባኤ ተማሪ ቆጠሯቸው። እኔም አላረምኳቸውም።

የታችኛው ንብብር ከላይኛው ይቀድማል ብሎ የጻፈው ሐኪም በኋላ ጳጳስ እንደሆነ ሳነብ፣ «ጳጳስ?» አሉ።

«አዎ አባባ።»

«ሃይማኖቱ ሌላ ነው» አሉ። «ቢሆንም ጳጳስ ነው።»

የምድር ዕድሜ ከምናስበው እጅግ ይረዝማል የሚለው ላይ ስደርስ ግን ፊታቸው ተለወጠ። «ይኼን አልቀበለውም» አሉ። ሊያስቆሙኝ ነው ብዬ መጽሐፉን ዘጋሁት።

«ምን ዘጋሽው? አላለቀም እኮ።»

ጨረስኩላቸው። ክምሩን እያዩ፣ ነግረውኝ የማያውቁትን ነገሩኝ። በወጣትነታቸው በጉባኤ ቤት የመጻሕፍት ትርጓሜ ጀምረው፣ እየለመኑ እየበሉ ሲማሩ፣ ቤተ ክርስቲያን ቄስ አጣ ብለው አባታቸው አስመጥተው ዳሯቸው። ተመልሰው አልሄዱም። ይህን ሲናገሩ አላዘኑም፤ የደከማቸው ብቻ ይመስሉ ነበር።

በሳምንቱ ሽማግሌዎቹ መጡ።

«ልጄ ጉባኤ ላይ ናት» አሏቸው አባቴ። «የጀመረችውን ሳትጨርስ አትነሣም።»

«ሴት ልጅ ምን ጉባኤ አላት ቄሴ?» አሉ አያ እሸቴ። «መቋሚያ ይዛ ልታዜምልን ነው?»

ሰዎቹ ሳቁ። አባቴም አብረው ፈገግ አሉ። ያኔ አያ እሸቴ መሳቃቸውን ተዉት።

«ታቦቱ ቅዳሴ አጥቶ መቅረቱ ነው። በልጅዎ ምክንያት ነው።»

«በእኔ ምክንያት በሉ» አሉ አባቴ።

ዲያቆን ምስጋናው በጥር ሌላ አጥቢያ አገባ፤ እዚያው ቅስና ተቀብሎ እዚያው ቀረ። የእኛ ቤተ ክርስቲያን ለብዙ ጊዜ ሳይቀደስበት ኖረ። ጎረቤቶቻችን ምንጭ ላይ እናቴን ሰላም አይሏትም ነበር። አባቴ ለቅዳሴ እየጾሙ፣ ሸለቆውን ወርደው ወጥተው ማዶ ባለው አጥቢያ ያገለግሉ ጀመር። እሑድ ከሰዓት ስንቄን ይዤ ልነሣ ስል እግራቸውን ለብ ባለ ውኃ ሲነክሩ እተዋቸዋለሁ። አንድ ቀን «ባገባ ይሻል ነበር» አልኳቸው። «መንገድ ላይ ይመሽብሻል፣ ሂጂ» ብቻ አሉኝ።

አሥራ ሁለተኛን ጨረስኩ፤ መምህርት ሆንኩ፤ አግብቼ ወለድኩ፤ ጡረታ ወጣሁ። እግዚአብሔር ይመስገን። አሁን አጥቢያችን ቄስ ሞልቶታል። በዚያ በሚኒባሱ ጉዞ ደርሼ በማግሥቱ በሴቶች በኩል ቆሜ ሳስቀድስ፣ ወጣት ቀሳውስቱ ድምፃቸው ያማረ ነበር። ጉልበቴ አላስችል ሲለኝ ግድግዳውን ተደግፌ ቆየሁ።

ልጆቼ፣ አያታችን ያን መጽሐፍ አምነውበት ነበር ወይ እያሉ ይጠይቁኛል። አላመኑበትም። ሳያምኑበት ነው እሑድ እሑድ ያን ሸለቆ የተሻገሩልኝ።